ነበር የማይባልበት ደጅ

ባሕሩ ጥሎት በሄደ፣ በአራል ደረቅ ወለል ላይ፣
መርከቦች በሆዳቸው ተኝተው፣ ጎናቸው ዝጎ በፀሐይ፣
ግመል በጥላቸው ታመነዥካለች፤
ነፋስ ከጨው ሌላ ጭነት የለውም፣
እሱንም በየደጁ እያራገፈ ያልፋል።

እኔ ከኑኩስ የመጣሁ ጨው ለኪ ነኝ።
መሣሪያዬን አሸዋው ላይ ተከልሁ፤
መርፌው መርከቦቹ አጠገብ ዝም፣
ብረት በተከመረበት ዝም፤
አንዲት አሮጊት በምታወራበት ግቢ ግን
እንደ ፈራ ጅማት ተንቀጠቀጠ።

ቢይቢሳራ ትባላለች።
ሠላሳ ዓመት በዓሣ ፋብሪካ ቆርቆሮ የከደነች፣
ሁለት ጣቷን ማሽን የወሰደባት።
«ኩዩን ነው» አለችኝ መርፌዬን ዐይታ፣
«ከጨዉ ሥር የተኛ።
ንፋስ አይደል፣ መብራት አይደል፣ ጂንም አይደል፤
ያወሩለትን ያህል ይሆናል፤
በአንዲት ቃል ብቻ ይሞታል፤
እሷን እዚህ ደጅ አንላትም።»

ማታ ማታ ባሕሩን ታወራዋለች፦
«ማዕበሉ አሁን የዙምራድን አጥር ነካ፣
አሁን የትምህርት ቤቱን ደወል አለፈ፣
አረንጓዴ ነው፣ ጠርዙ የበግ ጠጉር…»
እንቅልፍ ወሬዋን እስኪቆርጠው።
ጠዋት ወጥቼ አሸዋውን ዳሰስሁ፤
ወሬዋ እስከቆመበት ድረስ እርጥብ፣
ከዚያ ወዲያ ስንዝር አይዘልም።
ደብተሬ ላይ «ጤዛ» ብዬ ጻፍሁ።
እጄ አፈረ።

በሦስተኛው ቀን ኦሪንባይ መጣ፣
ቆቡን በሁለት እጁ ይዞ፣
እንደ ብድር ጠያቂ።
«ለባሕሩ የምታደርጊውን ለልጄም አድርጊ፤
ቶለገንን አውሪልኝ።»
ቶለገን፣ በመጨረሻዋ ጀልባ ወጥቶ ያልተመለሰው፣
ውሃው ሲሸሽ እንኳ አጥንቱ ያልተገኘው።

«ባሕር ሰፊ ነው» አለች፣ «ብረሳው ብረሳው የሚተርፈኝ አለ።
ልጅህ ግን ሰው ነው።
ሳቁን የረሳን እንደሆን፣ ሳቅ የሌለው ሰው ይመጣል፤
እንዴት እንደሚጠራህ ካልነገርነው፣ ደጅህ ቆሞ ዝም ይላል።
ይህን ነው የምትፈልገው?»

ኦሪንባይ አልመለሰም።
ያን ሌሊት ብቻውን ተቀምጦ አወራው፤
ሃያ ዘመን የተደፈነ አፍ ስንት ያወራል?
ከሁሉ አጥርቶ ያስታወሰው አንዲት ነገር፦
በዚያ ማለዳ፣ የልጁን የግራ ቦት ጫማ ክር
ጎንበስ ብሎ ራሱ እንዳሰረለት።
የቀኙን ግን፣ የጀልባዋ ጡሩምባ ሲጮህ፣ ልጁ እየሮጠ…

ሲነጋ ጠሩኝ።
ከመርከቦቹ እስከ ደጁ
እርጥብ ዱካ፤
የግራ እግር፣ የግራ እግር፣ የግራ እግር።

«ቀኙስ!» ይላል ኦሪንባይ ሰፈሩን እየዞረ፣
«ቀኝ እግሩ እንዴት ነው የሚረግጠው?
አብረኸው የተማርህ፣ አብረሽው የዋኘሽ!»
ዳቦ ጋጋሪዋ አታውቅም። መምህሩ አያውቅም።
ማንስ የሰው እርምጃ ያጠናል፣ ሰውየው በሕይወት ሳለ?

እኔ ነኝ ያጠፋሁት።
አንጀቴን በላውና፣ ልጁን በዐይኔ ሳላውቀው፣
«ትንሽ ሳያነክስ አይቀርም» አልሁት።
ለምን እንዳልሁ አላህ ይወቀው።

በማግስቱ ዱካው ሁለት፤
ግራው የጠራ፣
ቀኙ አሸዋውን እየጎተተ፣
ደፉ ላይ ደርሶ የቆመ።
መርፌዬ መስታወቱን ሊሰብር ደረሰ።
ኦሪንባይ የበሩን መያዣ ጨብጦ ቆየ፤ ቆየ፤
ጎንበስ አለና የቀኙን ዱካ በጣቱ ተከተለው፣
የማያውቀው ሰው ጽሕፈት እንደሚያነብ።

«ልጄ» አለ፣ «ልጄ አያነክስም።»
ትንፋሽ ወሰደ።
ቢይቢሳራ አፉን ልትይዝ እጇን ዘረጋች፣ ሦስቱን ጣቷን።
«ልጄ አያነክስም… ነበር።»

አሸዋው ነጣ።
ከደፉ ጀምሮ፣ አንድ በአንድ፣ ወደ መርከቦቹ፣
ዱካው እንደ አመጣጡ ደረቀ፤
መርፌው ወደቀ።
ኦሪንባይ ያኔ ገና አለቀሰ፤
አልቅሶም በሩን ወለል አድርጎ ከፈተው፣
ባዶውን መንገድ ወደ ቤት እንደሚያስገባ።

ያን ማታ ቢይቢሳራ ባሕሩን ከሩቅ ጀመረችው፣ ከአድማስ።
መሣሪያዬን አጥፌ አጠገቧ ቁጭ አልሁ።
«አረንጓዴ ነው» ስትል፣
«ምን ዐይነት አረንጓዴ?» እላታለሁ።